መዝገቡ ይዛወርልኝ

በአዲስ አበባ ፍርድ ቤቶች በራፍ ላይ የሚቀመጡ ራፖር ጸሐፊዎች ባለጉዳዩ ነገሩን ተናግሮ ሳይጨርስ «ጉዳዩ፦» የምትለዋን መስመር ጽፈው ይጠብቁታል። የትዳር ክርክር ይዞ ለመጣ ሰው ከሚጻፉት አንዱ «የመዝገብ ዝውውር ስለመጠየቅ» የሚለው ነው። ከሥሩ የሚከተለው አብዛኛውን ጊዜ ይህን ይመስላል፦ «ተጠሪ በአካባቢው የታወቀ ነጋዴ በመሆኑ፣ የተከበረው ፍርድ ቤትም ለልጆቼ የቆረጠው ቀለብ እጅግ ያነሰ በመሆኑ፣ እኔም በአሁኑ ጊዜ ወልቂጤ ከወላጆቼ ጋር የምኖር በመሆኔ መዝገቡ ወደ ሌላ ፍርድ ቤት እንዲዛወርልኝ አመለክታለሁ።»

የተጻፈው ሁሉ እውነት ሊሆን ይችላል። ችግሩ በአንድ ትንፋሽ ሦስት ነገር መጠየቁ ነው። የባል ታዋቂነት የዳኛውን ገለልተኛነት ይመለከታል። የቀለቡ ማነስ በይግባኝ ወይም «ትዕዛዙ ይሻሻልልኝ» ተብሎ የሚጠየቅ ነው። ወልቂጤ መኖሯ ደግሞ የግዛት ሥልጣን ጥያቄ ነው። ሦስቱም የየራሳቸው ጊዜና የየራሳቸው ሰሚ አላቸው። አንድ ላይ ታጉረው ሲቀርቡ ዳኛው የሚያየው በውሳኔ የተከፋ ሰው ብቻ ነው፤ አቤቱታውም ግማሽ ገጽ በማትሞላ ትዕዛዝ ይዘጋል።

ይህችን ሴት በምዕራፉ ሁሉ እንከተላታለን። ለማስረዳት ያህል የፈጠርናት ስለሆነች ስም አያስፈልጋትም። ትዳሯ ኮልፌ ነበር። ባሏ አጠና ተራ ሱቅ አለው። ሁለት ልጆች ወልደዋል። ሲጣሉ ልጆቹን ይዛ ከአየር ጤና መናኸሪያ ተሳፈረችና 150 ኪሎ ሜትር ያህል ርቃ ወላጆቿ ቤት ገባች። ባል ቀድሞ የፍቺ ክሱን ኮልፌ አስገባ፤ መጥሪያው ወልቂጤ ደረሳት።

እናቷ በሷ ዕድሜ ተመሳሳይ ነገር ገጥሟት ቢሆን ኖሮ ስለ ፍርድ ቤት አካባቢ ባልተጨነቀች ነበር። በ1952 ዓ.ም. በወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግ የፍቺ ጥያቄ የሚቀርበው ለቤተ ዘመድ ሽማግሌዎች ነበር፤ ፍርድ ቤት የሚገባው የሽማግሌዎቹን ውሳኔ ለመንቀፍ ነው። ያኔ የሚሰማው አቤቱታ «ያ ሽማግሌ የባሌ ወገን ነው፣ ይቀየርልኝ» የሚል ነበር። በአዋጅ ቁጥር 213/1992 የወጣው የተሻሻለው የቤተሰብ ሕግ የማፋታትን ሥልጣን ለፍርድ ቤት ብቻ ሰጠ፤ ሽማግሌዎች የማስታረቅ ሥራ ቀረላቸው። ወገንተኝነትን መፍራት ግን አልቀረም፤ አሁን የሚነሳው በዳኛውና በችሎቱ ላይ ነው።

በመጀመሪያ ኮልፌ ላይ ያለው ምን እንደሆነ እንይ። ብዙ ባለጉዳይ «የኮልፌ ፍርድ ቤት» ሲል ከልደታው ወይም ከቦሌው የተለየ፣ የራሱ ሥልጣን ያለው ተቋም ይመስለዋል። አይደለም። የፌዴራል የመጀመሪያ ደረጃ ፍርድ ቤት አንድ ነው፤ ኮልፌ ቀራኒዮ፣ ልደታ፣ ቦሌ፣ የካና ሌሎቹ ምድብ ችሎቶቹ ናቸው። ስለዚህ አንድን መዝገብ ከኮልፌ ወደ ልደታ መውሰድ ከፍርድ ቤት ወደ ፍርድ ቤት ማዛወር ሳይሆን በአንድ ቤት ውስጥ ሥራ ማከፋፈል ነው። ጥያቄው የሚያመራው ወደ ፍርድ ቤቱ አስተዳደር፣ ማለትም ወደ ፕሬዚዳንቱ ጽሕፈት ቤት ነው። እዚያ ሚዛን የሚደፋው ምክንያት ደግሞ አብዛኛው ሰው የሚጽፈው ዓይነት አይደለም። «ከቤቴ ይርቃል» ማለት ከአየር ጤና እስከ ልደታ ታክሲ በሚመላለስበት ከተማ ደካማ ነው። ባል ኮልፌ የፍቺ ክስ ከፍቶ ሚስት ልደታ የቀለብ ክስ ከፍታ ከሆነ ግን ሌላ ነገር ነው፤ ሁለት ዳኞች ስለ አንድ ቤተሰብ የሚጋጭ ትዕዛዝ እንዳይሰጡ መዝገቦቹን ማጣመር ለሁሉም ይበጃል፤ የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕጉም ለዚህ ቦታ ሰጥቷል።

የከተማ ፍርድ ቤቶችም አሉ፤ እነዚህ በአዲስ አበባ ቻርተር የተቋቋሙ ሌላ ተቋም ናቸው። ሰዎች የወራሽነት ማስረጃ ያወጡበትን ችሎት አስታውሰው የፍቺ ክስ ይዘው ሲሄዱ ከበር ይመለሳሉ። በዚህ ላይ ብዙ መቆየት አያስፈልግም።

ይልቅ የሚያስቸግረው ኮልፌ የተቀመጠችበት ቦታ ነው። ክፍለ ከተማዋ የአዲስ አበባ ምዕራባዊ ዳር ነች፤ በአንድ በኩል ቡራዩ፣ በሌላ በኩል ሰበታ ይጎራበቷታል። ሁለቱም ዛሬ የሸገር ከተማ አካል ናቸው፣ ማለትም ኦሮሚያ። ቤት ኪራይ ሲወደድ ባልና ሚስት ከኮልፌ ወደ ቡራዩ ይወጣሉ፤ ሱቁ፣ የልጆቹ ትምህርት ቤት፣ እድሩ ኮልፌ ይቀራል። ሲጣሉ አንዱ እዚያው ቡራዩ ይቀራል፤ ሌላው ዘመድ ፍለጋ ወደ ኮልፌ ይመለሳል። በእግር በሚኬድ ርቀት መካከል የክልል ወሰን አለ፤ ወሰኑን ሲሻገሩ የሚለወጠው ችሎቱ ብቻ አይደለም። አዋጅ 213/1992 በራሱ ሥልጣን የሚሠራው በአዲስ አበባና በድሬዳዋ ነው። ክልሎች የራሳቸውን የቤተሰብ ሕግ አውጥተዋል፤ የኦሮሚያው አዋጅ ቁጥር 69/1995 ነው፤ የአማራው አዋጅ ቁጥር 79/1995፤ ወልቂጤ ያኔ የነበረችበት የደቡብ ክልልም በ1996 ዓ.ም. የራሱን አውጥቷል። ሕጎቹ በመልክ ወንድማማቾች ናቸው፤ በዝርዝር ሁሉ ግን አንድ አይደሉም። «መዝገቡ ወደ ሌላ ቦታ ይሂድልኝ» የሚል ሰው ሳያውቀው «በሌላ ሕግ ዳኙኝ» እያለ ሊሆን ይችላል።

ወደ ወልቂጤዋ ሴት እንመለስ። የቤተሰብ ሕጉ የፍቺ ጉዳይ በየትኛው አካባቢ ችሎት ይታይ የሚለውን ለሥነ ሥርዓት ሕጉ ትቶታል። በ1958 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ መነሻው ቁጥር 19 ላይ ነው፦ ክስ የሚቀርበው ተከሳሹ በሚኖርበት ወይም በሚሠራበት ቦታ ነው። ባል ከሳሽ፣ እሷ ተከሳሽ ስለሆነች ደንቡ ለእሷ ያደላል ማለት ነው፤ ወልቂጤ በእርግጥ የምትኖር ከሆነ። መኖር ሲባል ደግሞ የእንግድነት መኝታ አይደለም። የፍትሐ ብሔር ሕጉ ቁጥር 175 ለጊዜው መቆየትን ከመኖሪያ ይለያል፤ ቆይታው ሦስት ወር ከሞላ ወይም እንዲሞላ የታሰበ ከሆነ ግን መኖሪያ እንደሆነ ይቆጥረዋል። ሁለት ሳምንት አባቷ ቤት ያደረችና ልጆቿን ወልቂጤ ትምህርት ቤት አስመዝግባ አራት ወር የቆየች ሴት በዚህ ዓይን እኩል አይደሉም። የትምህርት ቤቱ ደረሰኝና የቀበሌው ደብዳቤ እዚህ ላይ ከአሥር ምስክር ይበልጣሉ።

ከሳሿ እሷ ብትሆን ኖሮስ? ያው ቁጥር 19 ባል ወደሚኖርበት ኮልፌ ይጎትታታል። እኔ ይህ ደንብ ለብድርና ለሽያጭ ክርክር የተሰፋ ልብስ ይመስለኛል። ነጋዴ ነጋዴን ሲከስ ተከሳሹን ካለበት እንዳያንከራትት ማድረግ ትክክል ነው። የሚያጠባ ልጅ ይዛ ከቤት የወጣች ሴት ክስ መጀመር ስትፈልግ ግን ከሸሸችው ሰው ሰፈር ድረስ በየቀጠሮው መመላለስ አለባት። የቤተሰብ ሕጉ ስለ ጊዜያዊ ቀለብ፣ ስለ ልጆች ጥበቃ፣ ስለ ንብረት አስተዳደር በክርክሩ መካከል ትዕዛዝ እንዲሰጥ ዳኛውን በቁጥር 82 ያዘዋል፤ ያንን ትዕዛዝ ለማግኘት ስለሚከፈለው የመኪና ዋጋ ግን ያለው የለም።

ባልና ሚስት በተለያየ ክልል የሚኖሩ ሲሆኑ ሌላ ነገር ይጨመራል። በተለያዩ ክልሎች ነዋሪ በሆኑ ሰዎች መካከል የሚነሳ ክርክር በፌዴራል ሥልጣን ሥር ይወድቃል። ሕገ መንግሥቱ ደግሞ በአንቀጽ 80 የክልል ከፍተኛ ፍርድ ቤት ከራሱ ሥራ በተጨማሪ የፌዴራሉን የመጀመሪያ ደረጃ ፍርድ ቤት ሥልጣን እንዲሠራ ያደርጋል። ስለዚህ ክርክሩ ወደ ወልቂጤ ከሄደ አመልካቿ የለመደችውን የወረዳ ፍርድ ቤት በር ከማንኳኳቷ በፊት ከፍተኛውን ፍርድ ቤት መጠየቅ ይኖርባታል። የወረዳ ችሎት ተቀብሎ አከራክሮ ከወሰነ በኋላ «ሥልጣን አልነበረውም» ተብሎ ሁሉም ሊፈርስ ይችላል። የሥረ ነገር ሥልጣን ጉድለትን ዳኛው ራሱ በማንኛውም ጊዜ ሊያነሳው ይችላልና።

የግዛት ሥልጣን ግን እንደዚያ አይደለም፤ ብዙ ሰው የሚወድቀውም እዚህ ጋ ነው። «እዚህ ቦታ ልከሰስ አይገባም» የሚለው ክርክር የመጀመሪያ ደረጃ መቃወሚያ ይባላል፤ ቦታው በሥነ ሥርዓት ሕጉ ቁጥር 244 ሥር ነው፤ ጊዜው ደግሞ ከመከላከያ መልስ ጋር፣ ዋናው ክርክር ሳይጀመር ነው። በዚያን ቀን ያልተነሳ ተቃውሞ እንደተተወ ይቆጠራል። ቁጥር 10ም ይህንኑ ያጠብቃል፤ በመጀመሪያው አጋጣሚ ሳይነገር ቀርቶ በይግባኝ የመጣን የአካባቢ ተቃውሞ የበላይ ፍርድ ቤት የሚሰማው ፍትሕ መጓደሉ ከታየ ብቻ ነው። በመግቢያችን ያለችው ሴት መቼ አመለከተች? ቀለብ ከተቆረጠ በኋላ። ይህ ማለት ቀርባለች፣ ተከራክራለች፣ ትዕዛዝ ጠይቃ ተቀብላለች። ወልቂጤ መኖሯን ያነሳችው የቀለቡ መጠን ካላስደሰታት በኋላ ነው። ዳኛው የሚያየው ይህንን ቅደም ተከተል ነው።

መጥሪያው ሲደርስ ዝም ማለትም መፍትሔ አይደለም። «ሥልጣን የለውም» ብሎ ያልቀረበ ተከሳሽ ላይ ክርክሩ በሌለበት ይቀጥላል፤ በሌለበት የተሰጠ ፍርድ እንዲነሳ ለማመልከት ያለው ጊዜ አንድ ወር ነው። እሷም አኩርፋ ወልቂጤ የራሷን የፍቺ ክስ ብትከፍት፣ ቀድሞ የተከፈተው የኮልፌው መዝገብ ይቀድማል፤ ሁለተኛው ችሎት በሌላ ፍርድ ቤት የተያዘ ጉዳይ ነው ብሎ ይመልሳታል።

ሴትየዋ ሙስሊም ብትሆን ደግሞ ሌላ መንገድ አለ፤ በኮልፌ ይህ የጥቂት ሰዎች ጉዳይ አይደለም። ሕገ መንግሥቱ በአንቀጽ 34 ንዑስ አንቀጽ 5 ተከራካሪዎች ከፈቀዱ የግልና የቤተሰብ ጉዳይ በሃይማኖት ሕግ እንዲዳኝ ይፈቅዳል። የፌዴራል ሸሪዓ ፍርድ ቤቶችን ያጠናከረው አዋጅ ቁጥር 188/1992 ይህ ፈቃድ በሥራ ላይ እንዴት እንደሚውል ዘርዝሯል። ኒካህ ባሰረላቸው ሕግ ጋብቻ፣ ፍቺ፣ ቀለብ፣ የልጅ ጥበቃ፣ ውርስ ሊታይ ይችላል፤ ግን ሁለቱም ወገን ፈቃዱን መግለጽ አለበት። እዚህ ላይ ሁለት ወጥመድ አለ። አንደኛው፣ መጥሪያ በአግባቡ ደርሶት ያልቀረበ ተከሳሽ እንደፈቀደ ይቆጠራል። ሁለተኛው፣ አንዴ ከፈቀዱ በኋላ መዝገቡን ወደ መደበኛው ፍርድ ቤት ማዛወር አይቻልም፤ ከመደበኛው ወደ ሸሪዓም እንዲሁ። በዚህ አዋጅ ዓይን «ይዛወርልኝ» የሚባል ነገር ጨርሶ የለም፤ ያለው በመግቢያው ላይ «እሺ» ወይም «እምቢ» ማለት ነው።

«እምቢ» ማለት ምን ያህል እንደሚያወጣ ያሳየ አንድ ጉዳይ አለ። በአዲስ አበባ በአንድ ቤት ውርስ የተነሳ ክርክር ነው። አንዲት ሴት ጉዳይዋ በሸሪዓ ፍርድ ቤት እንዲታይ አልፈቅድም ብላ ከመጀመሪያው ተቃወመች። ፍርድ ቤቱ ተቃውሞዋን አልፎ ወሰነባት። በይግባኝም በሰበርም የሚሰማት አላገኘችም። በመጨረሻ ነገሩን እንደ ሕገ መንግሥት ጥያቄ ይዛ ፌዴሬሽን ምክር ቤት ደረሰች፤ ምክር ቤቱም በ1996 ዓ.ም. ያለ ፈቃዷ የተሰጠው ውሳኔ ሕገ መንግሥቱን ይቃረናል ብሎ ሻረው። የሕግ ተማሪዎች ይህን ጉዳይ የሚማሩት በሃይማኖትና በሕግ ግንኙነት ምክንያት ነው። ለእኔ ግን ትልቁ ነገር ቀላል ነው፤ ሴትየዋ ያሸነፈችው በመጀመሪያው ቀን ተቃውሞዋ መዝገብ ላይ ስለሰፈረ ነው። ያን ቀን ዝም ብላ ቢሆን ኖሮ ፌዴሬሽን ምክር ቤት የምትወስደው ነገር አይኖራትም ነበር።

አሁን በማመልከቻው መጀመሪያ ወደተነሳው ጥያቄ፣ ወደ ዳኛው። «ባሌ በሰፈሩ የታወቀ ነጋዴ ነው» ማለት ብቻውን ዳኛ አያስነሳም፤ ኮልፌ ውስጥ የማይታወቅ ነጋዴ ካለ ይገርማል። ዳኛ ከተከራካሪው ጋር በሥጋ ወይም በጋብቻ ከተዛመደ፣ ቀድሞ በዚያ ነገር ጠበቃ ወይም አስታራቂ ሆኖ ከነበረ፣ ከአንደኛው ወገን ጋር የራሱ ሙግት ካለው፣ ከችሎት እንዲነሳ መጠየቅ ይቻላል። እነዚህ ሊረጋገጡ የሚችሉ ነገሮች ናቸው። «ፊቱን አጠቆረብኝ»፣ «የባሌን ጠበቃ በስሙ ጠራው» የሚሉት ግን በቃለ መሐላ ተደግፈው ቢቀርቡም ብዙ ርቀት አይሄዱም። መላው ችሎት ገለልተኛ ሆኖ ሊያከራክር አይችልም የሚል ሰው ደግሞ በሥነ ሥርዓት ሕጉ ቁጥር 31 መሠረት ለበላይ ፍርድ ቤት አመልክቶ ክርክሩ ወደ ሌላ የበታች ፍርድ ቤት እንዲሄድ መጠየቅ ይችላል። ከሁሉም በላይ ትክክለኛው «ዝውውር» ይህ ነው፤ በትዳር ክርክር ግን ሰዎች የሚጠቅሱት ከስንት አንዴ ነው።

የህንድ ልምድ እዚህ ላይ ጠቃሚ ንጽጽር ይሰጣል። በአውሮፓ አቆጣጠር ከ1984 ጀምሮ ራሳቸውን የቻሉ የቤተሰብ ፍርድ ቤቶች አሏት፤ በ1908 የወጣው የሥነ ሥርዓት ሕጓ ክርክርን ከአንድ ግዛት ወደ ሌላ ግዛት የማዛወር ሥልጣን ለጠቅላይ ፍርድ ቤቱ ሰጥቷል። የትዳር ክርክር ዝውውር ማመልከቻ እዚያ ተራ የዕለት ሥራ ነው፤ አብዛኛውን የሚያቀርቡት እንደ ወልቂጤዋ ሴት ወላጆቻቸው ቤት የተመለሱ ሚስቶች ናቸው፤ ችሎቱም በተለምዶ የሚስትን ምቾት ያስቀድማል። በ2003 የሂንዱ ጋብቻ ሕግ ሲሻሻል ሚስት በምትኖርበት ቦታ ክስ እንድትከፍት ተፈቀደ፤ እኛ ያልደረስንበት ማሻሻያ ነው። ማመልከቻው ሲበዛ ግን በመጋቢት 2017 የጠቅላይ ፍርድ ቤቱ ሁለት ዳኞች «ለምን እናዛውራለን፣ በቪዲዮ ይከራከሩ» የሚል መፍትሔ አመጡ። ከሰባት ወር በኋላ፣ በጥቅምት 9፣ ሦስት ዳኞች ተሰይመው ሁለት ለአንድ ሻሩት፤ ዕርቅ በስክሪን አይደረግም፣ የትዳር ምስጢርም መጠበቅ አለበት የሚል ነበር ምክንያታቸው። የልዩነት ሐሳብ የጻፉት ዳኛ ቻንድራቹድ፣ ቪዲዮ ከመንገድና ከፍርሃት የሚያድናት ሴት እንዳለች ተከራክረዋል። እኔ ከተሸናፊው ዳኛ ጋር ነኝ። ሕጋችን ዳኛው ባልና ሚስትን ራሳቸውን አነጋግሮ ለማስታረቅ እንዲሞክር ይፈልጋል፤ ያ ግን አንድ ቀን ነው፤ ሌላው ቀጠሮ ሁሉ ሴትዮዋን ከወልቂጤ መጥራት አያስፈልገውም። የፌዴራል ጠቅላይ ፍርድ ቤት የክልል ባለጉዳዮችን በፕላዝማ፣ ማለትም በቪዲዮ፣ ማከራከርን ድሮ ለምዷል፤ ለቤተሰብ ችሎት የሚከብድበት ምክንያት አይታየኝም።

ከተጣሉት አንዱ የውጭ አገር ዜግነት ያለው ከሆነ ክርክሩ ከኮልፌ ጨርሶ ሊወጣ ይችላል፤ የግለሰብ ዓለም አቀፍ ሕግ ጥያቄና የውጭ ፍርድ ይታወቅልኝ የሚል አቤቱታ የፌዴራል ከፍተኛ ፍርድ ቤት ሥራ ናቸው። የዋሽንግተን የፍቺ ወረቀት ይዞ መጥቶ ኮልፌ ያለውን ቤት እንካፈል ማለት በዚህ በር ሳያልፉ አይሆንም።

ብዙ ጊዜ ደግሞ መዝገቡን ማንቀሳቀስ ጨርሶ አያስፈልግም። ምስክሮች ወልቂጤ ከሆኑ ኮልፌ ያለው ችሎት እዚያ ያለ ፍርድ ቤት ቃላቸውን እንዲቀበልለት ማዘዝ ይችላል። የሚካፈለው ንብረት ቡታጅራ ከሆነ ፍርዱ ለአፈጻጸም ወደዚያ ይላካል። በትዳር ክርክር ለይግባኝ የሚሆን ነጥብ ሲኖር በይግባኝ፣ ቀለብ ሲያንስ የገቢ ማስረጃ ይዞ በማሻሻያ ጥያቄ መሄድ ከዝውውር ማመልከቻ ይልቅ ቶሎ ይደርሳል።

መቃወሚያው በጊዜው ቀርቦ ቢያሸንፍስ? እዚህ ላይ ብዙ ሰው የማይጠብቀው ነገር አለ። የኮልፌው ችሎት የግዛት ሥልጣን የለኝም ካለ መዝገቡን ጠቅልሎ ወደ ወልቂጤ አይልክም፤ ይዘጋዋል። ባል ከፈለገ ሥልጣን ባለው ፍርድ ቤት እንደ አዲስ ይከሳል፤ ካልፈለገ ዝም ይላል። በተዘጋው መዝገብ ላይ የተመሠረተ የቀለብ ወይም የንብረት እግድ ትዕዛዝ ካለም የሚቆምበት መሠረት አይኖረውም። ስለዚህ ልምድ ያለው ጠበቃ መቃወሚያውን ከማስገባቱ በፊት ደንበኛውን «እትዬ፣ መዝገቡ ሲዘጋ ወልቂጤ የሚገባው ክስዎ ተጽፎ አልቋል?» ብሎ ይጠይቃል። ተጽፎ ካላለቀ፣ ልጆቹ የሚበሉት ነገር ከየት እንደሚመጣ ሳይታወቅ የሚቀጥለው ቀጠሮ እስኪደርስ መጠበቅ ሊኖር ነው። ተጽፎ ካለቀ ደግሞ መዝገቡ በተዘጋ ማግሥት፣ ከጊዜያዊ ቀለብ ጥያቄው ጋር፣ ወልቂጤ ሬጅስትራር ይገባል፤ ባልም ቁጥር 19ን ጠቅሶ በጊዜው ካልተቃወመ እዚያው ይታያል።